በስርቆት የተጠረጠረ ሰው ይመታልን? የወንጀል ሕግ ሊቃውንት ስለዚህ ነገር የጻፉት

የዚህ ትምህርት መነሻ አንድ ነጋዴ ያቀረበልኝ ጥያቄ ነው።

ሰውየው ጨርቅ ነጋዴ ነው፤ ዘካውን በጊዜው የሚያወጣ፥ ለጎረቤቱም የሚራራ ሰው ነው። አንድ ቀን ከመግሪብ ሶላት በኋላ፥ ሰዉ ሁሉ ወጥቶ ሲያልቅ፥ ወደ እኔ ቀረበና እንዲህ አለኝ፦ «ያ ሸኽ፥ ከመጋዘኔ ሁለት ጣቃ ጨርቅ ጠፋብኝ። በሱቁ የሚያድረውን ልጅ ጠረጠርሁት። ዘበኞቹ ጥቂት ሲመቱት ‹እኔ ነኝ የወሰድሁት› ብሎ አመነ፤ ጨርቁን ግን ከየትም ሊያመጣው አልቻለም። አባቱ ገበሬ ነው፤ በሬውን ሸጦ ገንዘቡን ከፈለኝ። ገንዘቡን ተቀብዬ ካስቀመጥሁት ሁለት ሳምንት ሆነው፤ ከሌላው ገንዘቤ ጋር ልቀላቅለው ስል እጄ እንቢ ይለኛል። እርስዎ ምን ይላሉ? ሐላል ነውን?»

እኔም በዚያ ምሽት ሐላል ነው ወይም ሐራም ነው ብዬ አልመለስሁለትም። «ሐጂ፥ እስከ ጁሙዓ ይታገሡኝ፤ መጻሕፍቱን ልመልከት» ብዬ አሰናበትኋቸው። ነገሩ የሁለት ጣቃ ጨርቅ ነገር ብቻ ቢሆን ኖሮ መልሱ አጭር በሆነ ነበር። ነገር ግን የተጠረጠረ ሰው ይመታል ወይስ አይመታም የሚለው ጥያቄ የሸሪዓ ሊቃውንት ከሺህ ሁለት መቶ ዓመት በላይ የተከራከሩበት፥ በአውሮጳም የቅጣትን ሕግ ከሥሩ ያናወጠ ጥያቄ ነው። አንተ ባለ ሱቅ ብትሆን፥ አንቺም ሠራተኛ የምታስተዳድሪ እመቤት ብትሆኚ፥ ይህ ጥያቄ አንድ ቀን ወደ ደጃችሁ መምጣቱ አይቀርምና በትዕግሥት ተከታተሉኝ።

አስቀድመህ ይህን እወቅ። የቀድሞ ፉቀሃእ፥ ማለት የሸሪዓ ሕግ ሊቃውንት፥ «የወንጀል ሕግ» ተብሎ ለብቻው የሚታወቅ የትምህርት ክፍል አልነበራቸውም። ነገሩን በየምዕራፉ ከፋፍለው ይጽፉት ነበር፤ ሑዱድ ስለሚባሉት የተወሰኑ ቅጣቶች በአንድ ስፍራ፥ ስለ ነፍስና ስለ አካል ጉዳት በሌላ ስፍራ፥ ዳኛው እንደ ጥፋቱ መጠን መርጦ ስለሚቀጣው ስለ ተዕዚር በሌላ ስፍራ፥ ስለ ምስክርና ሰው በራሱ ላይ ስለሚሰጠው የእምነት ቃል፥ ማለት ስለ ኢቅራር፥ ደግሞ በሌላ ስፍራ። ይህን የተበተነ ነገር ሰብስበው ከዘመኑ ሕግ ጋር እያስተያዩ እንደ አንድ ትምህርት አድርገው በሰፊው ካቀረቡት አንዱ ግብጻዊው ዳኛ ዐብዱል ቃድር ዐውዳ ናቸው፤ የመጽሐፋቸው የመጀመሪያ ክፍል የወጣው እንደ አውሮጳ አቆጣጠር በ1949 ነው። ከእርሳቸው በፊት የነበረውን ሐሳብ የሚፈልግ ሰው ግን ከሐዲስ መጽሐፍ፥ ከግብር መጽሐፍ፥ ከአስተዳደርም መጽሐፍ እየለቀመ መሰብሰብ ይገባዋል። እኔም ያደረግሁት ይህንኑ ነው።

በሂጅራ 275 (889) የሞቱት ኢማም አቡ ዳውድ በሱነናቸው ውስጥ አንድ ታሪክ አስፍረዋል። ከላዕ ከሚባል ወገን የሆኑ ሰዎች ዕቃ ተሰረቀባቸው። አንዳንድ ሸማኔዎችን ጠርጥረው ወደ ገዢው፥ የነቢዩ ባልደረባ ወደ ነበሩት ወደ ኑዕማን ኢብን በሺር አመጧቸው። ኑዕማን ሸማኔዎቹን ጥቂት ቀናት አስረው ለቀቋቸው። ባለ ንብረቶቹም ተቈጥተው ተመለሱና ሳይገርፉና ሳይመረምሩ እንዴት ይለቋቸዋል ሲሉ አጉረመረሙ። ያን ጊዜ ኑዕማን ምርጫ አቀረቡላቸው። ሸማኔዎቹን ለመግረፍ ፈቃደኛ እንደ ሆኑ፥ ዕቃው ከተገኘ መልካም እንደ ሆነ፥ ካልተገኘ ግን በሸማኔዎቹ ጀርባ ላይ ያረፈውን ያህል በከሳሾቹ ጀርባ ላይ እንደሚያሳርፉ ነገሯቸው። ከሳሾቹ ደንግጠው ይህ የእርሳቸው ፍርድ እንደ ሆነ ቢጠይቁ፥ የአላህና የመልእክተኛው ፍርድ መሆኑን መለሱላቸው።

ወንድሜ ነጋዴው ሆይ፥ ይህን ነገር ከማንም ይልቅ አንተ ታስተውለዋለህ። ሰው ሲበደር መያዣ ይሰጣል። ኑዕማንም ከከሳሾቹ መያዣ ጠየቁ፤ መያዣውም የገዛ ጀርባቸው ነበር። ከዚህም ጋር የተጠረጠሩት እነማን እንደ ነበሩ ልብ በል፤ ሸማኔዎች ናቸው። ዕቃ በጠፋ ጊዜ የሰው ዓይን ፈጥኖ የሚያርፈው በድኻና በእጅ ሠራተኛ ላይ መሆኑ ዛሬ የተጀመረ አይደለም።

ከዚህ በኋላ ወደ ኩፋ እንሂድ። በኢራቅ ባለችው በዚያች ከተማ ኢማም አቡ ሐኒፋ የሐር ጨርቅ ነጋዴ ነበሩ፤ ሕጉንም ያስተማሩት ከሱቃቸው ሳይለዩ ነው። የዳኝነትን ሹመት አልቀበልም ስላሉ እንደ ታሰሩና በሂጅራ 150 (767) በባግዳድ እስር ቤት ውስጥ እንደ ሞቱ ብዙዎች ዘግበዋል። ደቀ መዝሙራቸው አቡ ዩሱፍ ድኻ ቤተ ሰብ የተወለዱ ሲሆኑ አቡ ሐኒፋ በገንዘብ እየረዱ አስተማሯቸው። መምህሩ እንቢ ያሉትን ሹመት ደቀ መዝሙሩ ተቀበሉና በእስላም ታሪክ «የዳኞች ዳኛ» የሚለውን ማዕርግ በመጀመሪያ የያዙ ሰው ሆኑ። ኸሊፋው ሃሩን አር ረሺድ ስለ መሬት ግብር ምክር በጠየቋቸው ጊዜ ኪታብ አል ኸራጅ የተባለውን መጽሐፍ ጻፉላቸው። በሂጅራ 182 (798) ሞቱ።

የተጠየቁት ስለ ግብር ነው፤ እርሳቸው ግን በግብሩ መካከል ስለ እስረኞች ጻፉ። ይህ ክፍል ከመጽሐፉ ሁሉ ይልቅ የሚያስደንቀኝ ነው፤ ስለዚህም ጥቂት ልዘርዝረው። በዚያ ዘመን እስረኞች ምግብ ስላልነበራቸው በሰንሰለት ተይዘው ወደ ገበያ እየወጡ ይለምኑ ነበር። አቡ ዩሱፍ ይህ እንዲቀር ጠየቁ። ለያንዳንዱ እስረኛ በወር 10 ዲርሃም ከበይተል ማል፥ ማለት ከሕዝብ ግምጃ ቤት፥ ይሰጠው አሉ። ይህም በእንጀራ ሳይሆን በጥሬ ገንዘብ ይሁን፤ እንጀራ ከሆነ ጠባቂዎቹ ይወስዱታልና። አንድ የታመነ ሰው የእስረኞቹን ስም መዝግቦ በየወሩ ይቀመጥ፤ ሰውን ሁሉ በስሙ እየጠራ ገንዘቡን በእጁ ያስጨብጠው፤ የተፈታ ሰው ካለ ድርሻው ተመላሽ ይሁን። ለክረምት ቀሚስና ካባ፥ ለበጋ ቀሚስና ሽርጥ ይሰጣቸው። ቆሞ መስገድ እስኪያቅተው ድረስ ማንም በብረት አይታሰር። እንግዳ የሆነ፥ ወገን የሌለው እስረኛ ሲሞት ሬሳው አንድና ሁለት ቀን እየቆየ፥ እስረኞቹ ለተሸካሚ የሚከፈል ምጽዋት ከመካከላቸው ሰብስበው፥ ሳይታጠብ፥ ሳይከፈን፥ ሳይሰገድበት እንደሚቀበር ሰምተው ነበርና ይህንም ለኸሊፋው ገልጠው ጻፉ፤ ማጠቢያውና መከፈኛው ከበይተል ማል እንዲሆን አሳሰቡ።

ከዚያም ወደ ሥሩ ገቡ። እስር ቤቱ የሞላው ወንጀለኛ ስለ በዛ ሳይሆን ጉዳያቸውን የሚመለከት ሰው ስለ ጠፋ ነው አሉ። ሹማምንቱ የእስረኞቹን ነገር በየጊዜው ይመርምሩ፤ ተግሣጽ የሚገባው ተገሥጾ ይለቀቅ፤ ጥፋት ያልተገኘበት ይፈታ። ሰውን በከሳሽ ቃል ብቻ ማሰር አይገባም፤ ከሳሽና ተከሳሽ በአንድነት ይቅረቡ፤ ከሳሹ ማስረጃ ካለው ይፈረድለት። በስርቆት የተጠረጠረውን ሰው በሚመለከትም ቃላቸው ግልጥ ነው። መምታት፥ ማስፈራራትም አይገባም፤ በዚህ መንገድ ያመነ ሰው ቃሉ ዋጋ የለውም። ለዚህም የኸሊፋው የዑመርን ንግግር ምስክር አደረጉ፤ የተራበ፥ የተፈራ ወይም የታሰረ ሰው በራሱ ላይ ሐሰት ከመናገር የማይድን መሆኑን የሚገልጥ ንግግር ነው።

ይህን የጻፉት ለማን እንደ ሆነ አስብ። በዘመኑ ከምድር ነገሥታት ሁሉ ኀይለኛ ከነበሩት ለአንዱ ነው። ምክሩ በባግዳድ እስር ቤቶች ሁሉ ተፈጽሟል ማለቴ አይደለም፤ የኋላው ታሪክ ብዙ ግፍ ይመሰክራል። ነገር ግን በወረቀት ላይ ሰፍሮ ቀረ፤ ወረቀቱም ገዢዎቹን ሁሉ አልፎ እኛ ዘንድ ደረሰ።

አሁን ደግሞ የሚቃወመውን ወገን ሳልደብቅ ልንገርህ። አስ ሰረኽሲ የተባሉት የሐነፊ ሊቅ ይህን ታሪክ ያመጣሉ። በበልኽ ከተማ ዒሷም ኢብን ዩሱፍ የተባሉ ሊቅ ከገዢው ዘንድ ሳሉ አንድ የተጠረጠረ ሌባ ቀርቦ ካደ። ገዢው ምን ይደረግ ብሎ ቢጠይቃቸው፥ ማስረጃ ከሌለ ተከሳሹ ይማል አሉ። ገዢው ሌባና መሐላ ምን አገናኛቸው ብሎ ጅራፍ አስመጣ። አሥር ግርፋት ሳይሞላ ሰውየው አመነ፤ የሰረቀውንም ዕቃ አመጣ። ዒሷምም ፍትሕን ይህን ያህል የመሰለ ግፍ ከቶ አይተው እንደማያውቁ ተናገሩ። ከዚህ ንግግር የሚበልጥ እኔ አላገኘሁም። ዕቃው ተገኝቷል፤ ሌባውም እውነተኛ ሌባ ነው፤ ሊቁ ግን ስሙን አልለወጡም፤ ግፍ ነው አሉት። በነገራችን ላይ አስ ሰረኽሲ መብሱጥ የተባለውን ታላቅ መጽሐፋቸውን አብዛኛውን ክፍል የደረሱት በፈርጋና አገር በኡዝገንድ ታስረው ሳሉ ሲሆን፥ እርሳቸው ከእስር ቤቱ ጕድጓድ ሆነው ሲናገሩ ደቀ መዛሙርት በላይ ሆነው ይጽፉ ነበር ይባላል።

አል ማወርዲ፥ በሂጅራ 450 (1058) የሞቱት፥ በአስተዳደር መጽሐፋቸው የዳኛውን ሥልጣንና የገዢውን ሥልጣን ለዩ። ዳኛው በጥርጣሬ ብቻ ሰውን ማሰር አይችልም፤ ገዢው ግን ነገሩ እስኪጣራ ሊያስር ይችላል፤ ከሊቃውንቱ አንዱ ይህ ከአንድ ወር አይለፍ ብለዋል። ጥርጣሬው ሲበረታም ገዢው ሊመታው እንደሚችል ጻፉ፤ ሆኖም እንዲያምን ተብሎ ከተመታ በዱላው ሥር የተናገረው ቃል የተሻረ ነው። በሂጅራ 728 (1328) የሞቱት ኢብን ተይሚያና ደቀ መዝሙራቸው ኢብን አል ቀይም ደግሞ ተጠርጣሪዎችን በሦስት መደቡ፤ በመልካምነቱ የታወቀ፥ ጠባዩ ያልታወቀ፥ በክፋቱ የታወቀ። የመጀመሪያው አይነካም፤ ሁለተኛው ነገሩ እስኪታወቅ ይያዛል፤ ሦስተኛውን ግን ማስጨነቅ ይፈቀዳል አሉ። ኢብን ተይሚያ ራሳቸው በደማስቆ ግንብ ታስረው ሳሉ መሞታቸውን ሳስብ ይህ ነገር ያሳዝነኛል። ሊቅነታቸውን ሳልደፍር እላለሁ፦ በክፋት «የታወቀ» የሚለውን የሚወስነው ማን ነው? ዘበኛው አይደለምን?

ከእነዚህ በፊት በሂጅራ 505 (1111) የሞቱት ኢማም አል ገዛሊ መልሱን ሰጥተውበታል። የሕዝብ ንብረት እንዲጠበቅ ተጠርጣሪው ይመታ ለሚሉት፥ በዚያው ሚዛን ላይ ሌላ ጥቅም እንዳለ፥ እርሱም የተመታው ሰው ጥቅም መሆኑን አሳሰቡ። ሰውየው ምናልባት ንጹሕ ሊሆን ይችላል፤ በደለኛን ሳይመቱ መተው ንጹሑን ከመምታት የቀለለ ጕዳት ነው አሉ። ኢብን ሐዝም የአንዳሉሱም፥ በሂጅራ 456 (1064) የሞቱት፥ ይህን በር ፈጽመው ዘግተውታል።

እኔ ከገዛሊ ጋር ነኝ፤ ምክንያቴም ከመጽሐፍ ብቻ የመጣ አይደለም። በልጅነቴ በቁርኣን ቤት ሳለሁ የመምህራችን ገንዘብ ጠፋ። በተራ እየተገረፍን ስንጠየቅ አንድ ወላጅ የሌለው ልጅ «እኔ ነኝ» አለ። ገንዘቡን የት አደረግኸው ሲባል አንድ ጊዜ ወንዝ ውስጥ፥ አንድ ጊዜ ዛፍ ሥር እያለ ስፍራ ይለዋውጥ ነበር፤ እኛም ልጆቹ ዱላው ከእኛ ላይ ስለ ተነሣ ደስ አለን። በሦስተኛው ቀን ገንዘቡ በምንጣፉ እጥፋት ውስጥ ተገኘ። ልጁ ከዚያ ወዲያ ወደ ለውሑ አልተመለሰም። መምህራችን መልካም ሰው ነበሩ፤ እስኪሞቱም ድረስ ያን ልጅ በዱዓቸው ያነሡት ነበር።

በአውሮጳም የሆነው ከዚህ የተለየ አይደለም፤ እንዲያውም የከፋ ነው። ከ13ኛው መቶ ዓመት ጀምሮ በብዙ የአውሮጳ አገሮች ከባድ ወንጀል ሙሉ በሙሉ የሚረጋገጠው በሁለት የዓይን ምስክሮች ወይም በተከሳሹ የእምነት ቃል ሆነ። ምስክር ባልተገኘ ጊዜ ታዲያ ቃሉን ከሰውየው አካል ማውጣት ተጀመረ። በ1532 በንጉሠ ነገሥቱ በካርሎስ 5ኛ ዘመን በጀርመን አገር የወጣው የወንጀል ሕግ ማሠቃየትን አልከለከለም፤ መቼና በምን ያህል ጥርጣሬ እንደሚደረግ ደነገገ እንጂ። በጥንቈላ የተጠረጠሩ ሴቶች በዚህ መንገድ እያመኑ ተቃጠሉ። ፍሪድሪኽ ሽፔ የተባለ የጀርመን ካህን በ1631 ይህን ሁሉ የሚቃወም መጽሐፍ ስሙን ደብቆ አሳተመ።

ነገሩን ያናወጠው ግን የሚላኖው ቼዛሬ ቤካሪያ ነው። በ1764 ስለ ወንጀልና ስለ ቅጣት ትንሽ መጽሐፍ ሲያወጣ ገና 26 ዓመቱ ነበር። ማሠቃየት ጡንቻው የጠነከረውን ወንጀለኛ ነጻ እንደሚያወጣ፥ አካሉ የደከመውን ንጹሕ ሰው ግን እንደሚያስፈርድበት አስረዳ። መጽሐፉ በጥቂት ዓመታት ውስጥ በልዩ ልዩ ቋንቋዎች ተተረጐመ፤ የዘመናዊ የወንጀል ሕግ ትምህርትም ብዙውን ጊዜ ከዚያ መጽሐፍ ይቈጠራል። በእንግሊዝም ጆን ሃዋርድ የተባለ ሰው በ1773 የአንድ አውራጃ ሹም በሆነ ጊዜ፥ በፍርድ ነጻ የወጡ ሰዎች ለጠባቂው የሚከፈለውን ገንዘብ ስላጡ ተመልሰው ሲታሰሩ አየ። እስር ቤቶችን እየዞረ ተመልክቶ የጻፈው መጽሐፍ በ1777 ወጣ፤ ጠባቂዎች ከእስረኛ ሳይሆን ከመንግሥት ደመወዝ እንዲያገኙ ጠየቀ። የአቡ ዩሱፍ 10 ዲርሃም በእጅ ይሰጥ የተባለበት ምክንያትና ይህ አንድ ዓይነት መሆኑን ተመልከት፤ በመካከላቸው ወደ ሺህ የሚጠጋ ዓመት አለ።

አንዳንድ ሰዎች ይህን ሲሰሙ «ከእኛ ወሰዱት» ብለው ይመካሉ። ይህ ከንቱ ነው። ግፍ በየአገሩ አንድ ስለ ሆነ ያስተዋለ ሰው ሁሉ አንድ ነገር ያያል። አቡ ዩሱፍ እያሉን እኛው ልጅ የምናስመታ ከሆነ መመካታችን ምን ላይ ነው?

በአገራችንም የጠፋ ዕቃ ፍለጋ ረጅም ታሪክ አለው። አባቶቻችን ስለ ሌባ ሻይ ነግረውናል፤ ለአንድ ልጅ መድኀኒት አጠጥተው፥ ወገቡን በገመድ ይዘው ያስለቅቁት ነበር፤ ሄዶ የወደቀበት ቤት ባለቤት ዕዳ ከፋይ ይሆናል። አውጫጭኝም ነበር፤ የአካባቢው ሰው በአንድነት ተሰብስቦ ሌባው እስኪታወቅ ይቆያል። ከአረብኛ ወደ ግዕዝ የተመለሰው፥ በግብጽ በ13ኛው መቶ ዓመት ክርስቲያኑ ሊቅ ኢብን አል ዐሳል ያዘጋጀው ፍትሐ ነገሥት ለብዙ ዘመን የዳኞች መጽሐፍ ነበረ። በ1949 ዓ.ም. የወጣውን የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ ያረቀቀው የስዊስ አገር ሊቅ ዣን ግራቨን ነው፤ ይህም በ1997 ዓ.ም. ሥራ ላይ በዋለው የወንጀል ሕግ ተተካ። በ1987 ዓ.ም. የወጣው ሕገ መንግሥት በ19ኛው አንቀጽ የተያዘ ሰው በማስገደድ እንዲያምን እንደማይደረግ፥ በማስገደድ የተገኘ ማስረጃም ተቀባይነት እንደሌለው ይደነግጋል። የሸሪዓ ፍርድ ቤቶቻችንም የሚያዩት የጋብቻን፥ የውርስን፥ የወቅፍንና ይህን የመሳሰለውን ነገር ነው፤ የወንጀል ሥልጣን የላቸውም። ስለዚህ ማንም ነጋዴ «በሸሪዓ ቀጣሁት» ሊል አይችልም፤ ሸሪዓው ራሱ ቅጣትን ለግለሰብ አልሰጠም፤ ለሥልጣን ባለቤት እንጂ።

አንድ ነገር ቀርቶኛል። ሊቃውንት «ሰረቀ ወይስ አልሰረቀም?» ብቻ ሳይሆን «ለምን ሰረቀ?» ብለውም ጠይቀዋል። በአውሮጳ ይህ ጥያቄ ራሱን የቻለ ትምህርት የሆነው በ19ኛው መቶ ዓመት ነው። የቤልጅጉ ኬትሌ በ1830ዎቹ የፍርድ ቤቶችን መዝገብ ቈጥሮ የወንጀል ብዛት ከዓመት ወደ ዓመት እምብዛም እንደማይለወጥ አሳየ፤ እንግዲያው የማኅበሩ ኑሮ ራሱ ድርሻ አለው ማለት ነው። ጣሊያናዊው ሎምብሮዞ ግን በ1876 ወንጀለኛ በራስ ቅሉና በፊቱ አቀማመጥ ይታወቃል የሚል መጽሐፍ አወጣ። ብዙዎች ተከተሉት። በ1913 እንግሊዛዊው ቻርልስ ጎሪንግ ሦስት ሺህ ያህል እስረኞችን መዝኖና ለክቶ እንዲህ ያለ የወንጀለኛ መልክ አለመኖሩን አስረዳ። አንተ ግን «ዓይኑን አይቼ ሌባ መሆኑን አወቅሁ» የሚል ሰው በገበያ መካከል እስከ ዛሬ ትሰማለህ።

ለዚህ ጥያቄ የኸሊፋው የዑመር መልስ ከሁሉ ይቀድማል። ኢማም ማሊክ፥ በሂጅራ 179 (795) የሞቱት፥ በሙወጠእ እንደ ዘገቡት የሓጢብ ባሮች ሙዘይና ከሚባል ወገን የሆነ ሰው ግመል ሰርቀው አረዱ። አምነዋልም። ዑመር እጃቸው እንዲቈረጥ አዘዙ፤ ነገር ግን ወዲያው ወደ ጌታቸው ዘወር ብለው እንደሚያስርባቸው አስተዋሉ። ቅጣቱን አቆሙና የግመሉን ዋጋ ጠየቁ፤ 400 ዲርሃም መሆኑ ተነገራቸው። ጌታቸው 800 እንዲከፍል ፈረዱበት። እነሆ፥ ሌቦቹ በፊታቸው ቆመው ሳሉ ዑመር ዕዳውን ባስራበው ላይ ጻፉ። በራብ ዘመንም፥ በሂጅራ 18 ገደማ፥ የሌባን እጅ መቍረጥ እንዳቆሙ ተዘግቧል።

ጁሙዓ ደረሰ፤ ሐጂም መጡ። ይህን ሁሉ አልነገርኋቸውም፤ የሚያስፈልጋቸውን ብቻ ነገርኋቸው። ልጁ ያመነው በዱላ ሥር ስለ ሆነ ኢቅራሩ የለም፤ ኢቅራሩ ከሌለ ዕዳው የለም፤ ዕዳው ከሌለ ገንዘቡ የገበሬው ነው። ማስረጃ ካላቸው ወደ ሕግ ይሂዱ፤ ማስረጃ ከሌላቸው ልጁን ማስማል ይችሉ ነበር። የተመታው ልጅ ግን መብት አለው፤ ይቅርታውን መጠየቅ፥ ሕመሙንም ማሳከም በእርሳቸው ላይ ነው። ደመወዙንም ጠየቅኋቸው፤ ምን ያህል እንደ ሆነ ሲነግሩኝ አቀረቀሩ። እኔም የሓጢብን ታሪክ ያን ጊዜ ጨመርሁላቸው።

«የእኔ ሁለት ጣቃስ?» አሉ።

«ጨርቁ መጥፋቱን አውቃለሁ፤ ማን እንደ ወሰደው ግን እርስዎም አያውቁም» አልኋቸው።

ብዙ ዝም ብለው ቆዩ። በማግስቱ ሁለት ሽማግሌዎች ይዘው ወደ ገጠር ወረዱ። በገበያው የበሬ ዋጋ ጨምሮ ነበርና የወሰዱት ገንዘብ ያንኑ በሬ የማይገዛ ሆኖ ተገኘ፤ የጐደለውን ከኪሳቸው ሞሉ። ልጁ ወደ ሱቁ አልመለስም አለ፤ ይቅር ማለቱን ግን በአባቱ ፊት ተናገረ። ሁለቱ ጣቃ ጨርቅ እስከ ዛሬ አልተገኙም።